ኋላ ይግቡ

ሰው «ኋላ እንገናኝ» ሲል ፊቱን ያዞረው ወዴት ነው? ወደሚመጣው ቀን ነው ወይስ ወዳለፈው? ነገሩ ቀላል ይመስላል፤ ኋላ ማለት ቆየት ብሎ ማለት ነው፣ ሕፃንም ያውቀዋል። ያው ሰው ግን «ወደ ኋላ ተመልሼ ሳስበው» ያለ እንደሆነ ወዳለፈው ዘመን ተጉዟል። ፊትም ያው ነው። «በፊት» ሲባል ያለፈው ነው፣ «ወደ ፊት» ሲባል ገና ያልመጣው። ይህን ቋንቋ የሚናገር ሕዝብ ጊዜ መሐል የቆመው ፊቱን ወዴት፣ ጀርባውን ወዴት አድርጎ እንደሆነ የሚያውቅ ካለ ይንገረን። ይህ ታሪክም አይነግረንም ይሆናል።

መርከብ በውሃ ላይ ብቻ በሚሄድበት ዘመን ይህ ሥራ የፈታ ሰው ጨዋታ ነው። መርከብ በዓመታት ላይ ይሄድ በነበረበት ዘመን ግን ሰው ይበላ ነበር።

ያኔ ነገሥታቱ መሬት ጠግበው ዓመት መቀማማት ጀምረው ነበር። ከወደቡ አፍ ወጣ ብሎ ባሕሩ ውስጥ እንደ ወንዝ የሚፈስ ጅረት ነበረ። ጅረቱን በመቅዘፊያ እየታገለ ሽቅብ የወጣ መርከብ ያለፉትን ዓመታት ያገኛቸዋል፤ ራሱን ለጅረቱ የለቀቀ ደግሞ ቁልቁል ገና ወዳልመጡት ይወርዳል። ስለዚህ ንጉሡ አያቱ የተሸነፈበትን ጦርነት እንደገና ሊያሸንፍ መርከቦቹን ሽቅብ ይልካል። ባላንጣውም ይሰማና የራሱን ይልካል። ያንኑ አንድ ጦርነት እየደጋገሙ ተዋጉት፤ በየጊዜው አዲስ ሰው ሞተበት እንጂ አያትየው እንደተሸነፈ ቀረ። ከዚያ የተረፈ መርከበኛ ከልጁ አንሶ ወይም ከአባቱ አርጅቶ አገሩ ይገባል። በር የከፈተች ሚስት «እንኳን ደህና ገባህ» ከማለቷ አስቀድማ «የትኛው ነህ?» ትላለች። ሰው የማይለምደው ነገር የለም።

በዚህ ባሕር ኃይል ውስጥ «ፊት» እና «ኋላ» የተከለከሉ ቃላት ነበሩ። አንድ ጊዜ «ፊት ሂዱ» የተባለ መርከብ ቃሉን እንደመሰለው ተርጉሞ፣ ምልምል ወጣቶችን እንደጫነ ወረርሽኝ ያለበት ዓመት ውስጥ ሰተት ብሎ ገባ። ወሬ ነጋሪ እንኳ አልተረፈም። ከዚያ ወዲህ ያለፈው «ላይ»፣ የሚመጣው «ታች» ተባለ። ምላሱ ያዳለጠው ሁሉ የባሕር ውሃ በጠጣ ገመድ አፉን ይገረፋል። «ፊትህን ታጠብ» ማለት ስለማይቻል መርከብ ላይ «መልክህን ታጠብ» ይባላል። የወደብ ሰው በከንፈሩ ይታወቅ ነበር፤ «ከንፈሩ ያበጠ ሁሉ ተስሞ አይደለም» እያሉ ይቀልዱበታል። መሬት ላይ ያለው ሕዝብ ግን፣ ገበያተኛውም እናቱም፣ እንደ ዱሮው «ኋላ ና» እና «በፊት እንዲህ ነበር» ማለቱን አልተወም። መሬት ላይ የቆመን ሰው ቃል አያሰጥመውም ይባል ነበር።

የወደቡ ደዋይ ከሁለቱም ወገን ነበረች። ቀን ቀን በወደቡ ቋንቋ ትሠራለች፣ ማታ እናቷ ቤት ገብታ በእናቷ ቋንቋ ትበላለች።

የደወል ቤቱ ከግንቡ ሥር የተሠራ ጠባብ ክፍል ነው። ግድግዳው ላብ ያወጣል፣ ወለሉ ደርቆ አያውቅም፣ የረጠበ ገመድና የማሽን ቅባት ይሸታል። ወለሉ መሐል የጉድጓድ አፍ የሚያህል ቀዳዳ አለ፤ በዚያ በኩል ትልቅ የነሐስ ደወል በሰንሰለት ወርዶ ውሃው ሥር ተንጠልጥሏል። ደዋይዋ መምቻውን የሚያንቀሳቅሰውን ገመድ አጠር ረዘም እያደረገች ስትስብ ምቱ ፊደል ይሆናል፤ ድምፁም በውሃው ውስጥ ከዓመት ወደ ዓመት ይሻገራል። ሥራው ትከሻ ይሰብራል። መዳፏ እንደ ተረከዝ ደድሯል። አንድ ጊዜ ሊያጫት የመጣ ሰው እጇን ጨብጦ «ወንድምሽ መሰለኝ የጨበጠኝ» ብሎ እንደወጣ መቅረቱን ራሷ እየሳቀች ታወራለች።

አብሯት የሚሠራው ሽማግሌ የሚመጣውን ድምፅ አዳማጭ ነው። ጫፉ ውሃ ውስጥ የተነከረ የመዳብ ቱቦ ጆሮው ላይ ደግኖ ይውላል። በስሙ የሚጠራው የለም፤ ጆሮ ይሉታል። «ሚስቴን ላለመስማት ነው እዚህ የተቀጠርኩት» ይላል።

በዚያ ጠዋት ጆሮ አልቀለደም። ቱቦውን ከጆሮው አንስቶ አየው፣ ጠረገው፣ መልሶ ደገነው።

«ነይ እስቲ አንቺ።»

«ምነው ጋሼ?»

«ነይ ብዬሻለሁ። ጃጅቻለሁ መሰለኝ።»

ጆሮዋን ለቱቦው ሰጠች። ከሩቅ፣ ከውሃው ሆድ ውስጥ፣ ደወል ይመታል። ቃሉን ከመለየቷ አስቀድማ እጁን ለየችው። እያንዳንዱ ደዋይ እንደ ድምፁ የራሱ እጅ አለው፤ ይሄኛው ሦስተኛውን ምት እየቸኮለ የሚውጥ ነው። ያን ክፉ ልማድ ልታስተወው ስንቴ ተጨቃጭቃዋለች! ደወል ያስተማረችው እሷ ናት፣ ወጥ ቤት ውስጥ፣ በተደፋ ድስት ላይ፣ በማማሰያ። ታናሽ ወንድሟ ነው።

ታናሽ ወንድሟ ደግሞ ሞቷል።

የጉማሬ ደዋይ ነበር። ጉማሬ ሆደ ሰፊ፣ ቀርፋፋ የጦር መርከብ ናት፤ ስሙን ያወጡላት መርከበኞቹ ናቸው። ባለፈው ወር የወደቡ አዛዥ አደባባይ ላይ ቆሞ፣ ጉማሬ በላይኛው ጦርነት ስትዋጋ ከነልጆቿ ሰጠመች፣ አንድም የሸሸ የለም ብሎ አነበበ። ቤተሰቡ አለቀሰ። አዛዡ እንዲህ ያሉ ጀግኖች ያፈራ ተብሎ ማዕረግ ተጨመረለት። እናትየው «የጀግና እናት» ተባለች። ዛሬ እኩለ ቀን ላይ የሟቾቹ ስም የተቀረጸበት ድንጋይ ይመረቃል።

«ጉማሬ ነን» ይላል ደወሉ። «ሸሽተን መጣን። ውሃ እየገባን ነው። ቁስለኛ በቁስለኛ ላይ ነው። ደጃችሁ ደርሰናል። እንግባ?» ከዚያ፣ ደንቡን ጥሶ፣ «እትዬ፣ አንቺ ነሽ?»

ዘልላ ገመዱን ያዘች። «ነኝ» አለችው በደወሉ። «ነኝ፣ ነኝ።»

«ርቦኛል» አለ ወዲያው፣ ሦስተኛውን ምት ውጦ።

ደዋይዋ ሳቀች፣ ሳቋም መሐል ላይ ተሰብሮ ለቅሶ ሆነ። እጇ ገመዱ ላይ እንዳለ ወደ ጆሮ ዞረች። «ግቡ ልበላቸው?»

«በማን ቃል?» አለ ጆሮ።

ጥያቄው የእሱ አይደለም። ማንም መርከብ በየትኛውም ዓመት ወደብ ሲገባ ግንቡ ላይ ያሉት መድፈኞች የሚጠይቁት ይህንኑ ነው። የአዛዡ ምልክት የተደወለበትን ቃል የያዘ ይገባል። በሌላ ሰው ቃል የመጣ፣ ወይም ያለ ቃል የመጣ፣ ከዳተኛ ነው፤ ወዲያው በመድፍ ይመታል። ወንድሙም ይሁን አባቱ መድፈኛው አይጠይቅም፤ የጠየቀ መድፈኛ ማንም ወደማያውቀው ዓመት ተወስዶ እንደ ጆንያ ይራገፋል።

«እንግዲያው ለአዛዡ ልንገር!» አለች።

 የምሥራች የያዘን ሰው ማን ያቆማል?

እየሮጠች አደባባዩን ስታቋርጥ ድንጋዩ በነጭ ጨርቅ ተሸፍኖ ቆሟል፤ ሠራተኞች ወንበር ይደረድራሉ። የመጀመሪያው ረድፍ ላይ፣ ሌላ ማንም ሳይመጣ፣ እናቷ ጥቁሯን ለብሳ ቁጭ ብላለች።

«ምን ያስሮጥሻል? ልብስ እንኳ አልቀየርሽም!» አለቻት እናቷ። ከዚያ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «ከፊት አደረጉኝ፤ አየሽ? የጎረቤታችንን የአስተማሪዋን እናት እኮ ሦስተኛው ረድፍ ነው የወረወሯት። የሷ ልጅ ቀዛፊ ነበር።»

«እማዬ…»

«ምን ሆነሽ ነው? ምን አለቀሰሽ ደግሞ?»

አሁን ብትነግራት እናቲቱ ከወንበሩ ላይ ትወድቃለች፣ አደባባዩም ይሰማል። «ኋላ እነግርሻለሁ እማዬ፣ ኋላ!» ብላት ሮጠች።

በዚያ ቤት «ኋላ» የተከበረ ቃል ነበር። የሌላው ሰው እናት «ኋላ» ስትል ዝም በል ማለቷ ነው። የእነሱ እናት ግን «ኋላ ትበላላችሁ» ካለች ይበላል፣ «ኋላ እገርፍሃለሁ» ካለችም ይገረፋል። ልጆቹ ከነሱ እናት «ኋላ» በላይ የሚታመን ነገር ሳያውቁ አደጉ።

አዛዡ ቢሮው ውስጥ ለምረቃው እየተላጨ ነበር። እሱ በሌለበት ሠራተኛው «ምላጭ» ይለዋል፤ ስለሚላጭ ግን አይደለም።

«ጌታዬ፣ የምሥራች! ጉማሬ አልሰጠመችም! ደጅ ላይ ናት፣ ልግባ ትላለች!»

የፀጉር አስተካካዩ እጅ አየር ላይ ቀረ። አዛዡ ዓይኑን ሳይገልጥ «ቀጥል» አለው፤ ምላጩም ጉንጩ ላይ መውረዱን ቀጠለ።

«እየተዋጋች ነው የመጣችው?»

«ሸሽተው ነው ጌታዬ። ቁስለኛው ብዙ ነው፣ ውሃም…»

«ሸሽተው» አለ አዛዡ፣ ቃሉን እንደሚቀምስ ሁሉ። «ማን ማን ሰማ?»

«እኔና ጆሮ።» ፀጉር አስተካካዩን አየችው። እሱ ወለሉን ያያል።

«ወንድምሽ እዚያ ውስጥ ነበር፣ አይደል?»

«አዎ ጌታዬ!»

«እንኳን ደስ አለሽ» አላት፤ ፎጣውን ተቀብሎ ፊቱን ጠረገና ተነሣ። እሷም አመሰገነችው። ኋላ ላይ ከሁሉ የሚያንገበግባት ይህ ነው፤ ጎንበስ ብላ አመስግናዋለች።

ወደ ደወል ቤቱ ሲወርድ አንድ አስር አለቃ አስከትሎ ነበር። አስር አለቃው የአፍ መግረፊያውን ገመድ ትከሻው ላይ ጣል አድርጎ፣ ዳቦ በወረቀት ጠቅልሎ ይዟል። አዛዡ እርጥቡን ወለል ሲረግጥ የጫማው ነገር አሳሰበው፤ ደረቅ ቦታ መርጦ ቆመ።

«ስሚኝ» አላት። «እነዚህ ሰዎች ሞተዋል። እኔ ራሴ ነኝ ያነበብኩት።»

«ጌታዬ፣ በሕይወት አሉ። አሁን አናግሬዋለሁ።»

«ይኸውልሽ፣ ችግሩ እሱ ነው። ድንጋይ ላይ የተቀረጸ ሰው ይፋቅ ቢባል የሚበላሸው ድንጋዩ ነው። እናትሽ ከፊት ተቀምጣለች፣ አይተሻታል? ተነሺ፣ ልጅሽ ጀግና ሳይሆን ሸሺ ነው ልበላት? አንቺ ትነግሪያታለሽ?»

«እኔ እነግራታለሁ» አለች ደዋይዋ። «አሁኑኑ እነግራታለሁ፣ ትስቃለች እንጂ አታፍርም።»

ፈገግ አለ። ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው ይባላል። «ደግ ሰው ነሽ። እኔም ጨካኝ አይደለሁም፤ ከደጅ አላባርራቸውም። ደውዪላቸው። ኋላ ይግቡ።»

 የአስር አለቃው እጅ ሳያውቀው መግረፊያውን ጨበጠ፤ ቃሉ ከማን አፍ እንደወጣ ሲያይ ግን መልሶ ለቀቀው። ጆሮ ቱቦውን አወረደ።

«ላይ ነው ጌታዬ ወይስ ታች?» አለች ደዋይዋ።

«ኋላ ነው ያልኩት።»

«ቃሉ ክልክል ነው።»

«የከለከልኩት እኔ ነኝ።»

«ጌታዬ፣ ታች ከሆነ ይተርፋሉ። ለጅረቱ መልቀቅ ብቻ ነው፣ መቅዘፍ የለበትም። ጥቂት ዓመት ወርደው ቢገቡ…» ላይ ከሆነ ምን እንደሚሆን ለመናገር አፏ እምቢ አላት። ላይ የባላንጣው መርከቦች ቆመው የሚጠብቁበት፣ ጉማሬ ያመለጠችበት ጦርነት ነው። «እባክዎ፣ አንዲት ቃል ልጨምር። ታች ብቻ ልበል።»

«ጨምሪ» አለ አዛዡ። «ማን ይከለክልሻል? ግን የጨመርሽው ያንቺ ነውና የራስሽን ምልክት ደውዪበት። ታች ወርደው ሲገቡ መድፈኞቹ በማን ቃል ሲሏቸው በእትዬ ቃል ይበሉ።» አስር አለቃው ሳቀ። «የኔን ምልክት ከፈለግሽ ግን የኔን ቃል፣ ሳትጨምሪ ሳትቀንሺ። ኋላ ይግቡ። ምርጫው በእጅሽ ነው፤ እጅሽ ደግሞ ጠንካራ ነው ሲሉ ሰምቻለሁ።»

ከበሩ ላይ ዞር ብሎ ለአስር አለቃው «ቃሌን ደውላ እንደጨረሰች የፈለገችውን ትደውል፣ አትንካት» አለውና ጫማውን እየጠበቀ ወጣ።

ደዋይዋ ገመዱን ይዛ ቆመች። ከቱቦው ውስጥ፣ ጆሮ ባይደግነውም፣ ምቱ በስሱ ይሰማል። «እትዬ? ምን አሉ? እንግባ?»

«አስተውዪ» አላት ጆሮ በሹክሹክታ። «ሰውዬው ነገር ሸርቦ ነው የሄደው።»

እያስተዋለች ነበር። ታች ብላ በራሷ ስም ብትደውል ወንድሟ ወርዶ የሚገባው ወደ መድፍ አፍ ነው። ያለ ቃል ዛሬ ቢገባም መድፍ። የአዛዡን ቃል እንዳለ ብትደውል ግን የአዛዡ ምልክት አለበት፤ በምልክቱ በየትኛውም ዓመት ይገባሉ። የቀረው «ኋላ» ነው። ለመርከበኛ ወዲያም ወዲህም የሚጎትት ቃል ነው። ቱቦውን ይዞ የሚሰማው ግን ማንም መርከበኛ አይደለም፤ እቤት ወጥ ቤት ውስጥ ድስት ደፍቶ የተማረ፣ ባዶ ሆዱን «ኋላ ትበላለህ» ተብሎ ጠብቆ የበላ ልጅ ነው። እሷን ያውቃታል። እናታቸውን ያውቃል። ኋላ ማለት ቆየት ብሎ ነው፣ ቆየት ብሎ ደግሞ ታች ነው። ምላጭ ራሱን ቆረጠ ብላ አሰበች፤ እንዲያውም ልቧ ትንሽ ኮራ አለ። በገዛ ቃሉ ወንድሟን ልታስጥልበት ነው።

«የኛ ቤት ቃል ነው ጋሼ» አለችው። «ይገባዋል።»

«ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው፣ ልጄ።»

«ይገባዋል አልኩህ!»

ደወለች። ኋላ ይግቡ። እያንዳንዱን ምት ሳታጣድፍ፣ ወጥ ቤት ውስጥ ታስተምረው እንደነበረው አድርጋ፣ ቃሉን ቁጭ ብላ እንደምታጎርሰው። ከዚያ የአዛዡን ምልክት አስከተለች። ገመዱን ለቃ ቱቦውን ከጆሮ እጅ ነጠቀችና ጆሮዋ ላይ ለጠፈች።

ውሃው ዝም አለ። አስር አለቃው ዳቦውን ከወረቀቱ ፈታ። እዚያ ውጭ፣ ባሕሩ ላይ፣ ወንድሟ ቃሉን ለመርከቡ አለቃ እያነበበ ይሆናል። ቁስለኞቹ ቀና ብለው እየሰሙ ይሆናል። የአስር አለቃው ማኘክ ይሰማታል፤ «አፍህን ዝጋ!» ብላ ጮኸችበት፤ እሱም የአዛዡን ትእዛዝ አስታውሶ ይሁን ደንግጦ፣ ማኘኩን አቆመ።

መልሱ መጣ። ያ የተዋጠ ሦስተኛ ምት።

«ቃሉ ገባን። ወደ ኋላ እንመለሳለን። አለቃችን፣ መሸሻችንን ሳይቀጡን ስላለፉ አዛዡን ያመስግኑልን ብሏል። የቻለ ሁሉ መቅዘፊያ ይዟል። እማዬን ሳሚልኝ።»

መጀመሪያ የሰማችው «ኋላ» የሚለውን ነው፣ ልቧም ዘለለ። «ወደ» የሚለው ዘግይቶ ደረሰባት። አንዲት ትንሽ ቃል ናት፤ ደዋዮች ሲቸኩሉ የሚዘሏት፣ ሦስት ምት የማትሞላ። ኋላ ማለት ቆየት ብሎ ነው፤ ወደ ኋላ ማለት ወደመጡበት ነው።

«ምን አለ?» አላት ጆሮ።

«ወደ።»

«ምን?»

«ወደ አለ። ወደ ኋላ አለ! እኔ እኮ ወደ አላልኩም! ሰምተሃል፣ ወደ አላልኩም!»

ሽማግሌው ዓይኑን ጨፈነ። «የሸሸ ሰው ነዋ የሰማው» አለ። «የሸሸ ሰው ኋላ ሲባል ሌላ ምን ይሰማል?»

የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ማለት እንዲህ ላለችው ነው። ገመዱ ላይ ተንጠለጠለች። ታች! ታች! ታች! ብላ ደወለች። ስህተት ነው፣ ታች ነው፣ አትውጡ። አስር አለቃው አልነካትም፤ እንደታዘዘው ግድግዳ ተደግፎ ዳቦውን ይበላል። ገና ጅረቱን አልያዙም፣ ገና መርከቧን እያዞሩ ነው፣ ጉማሬ ቀርፋፋ ናት፣ ይሰማሉ።

በዚህ መሐል ግንቡ ላይ መድፉ ተተኮሰ።

ውሃው ቀዳዳው ውስጥ ተንጦ ወለሉ ላይ ፈሰሰ። ምረቃው ነው። አደባባዩ ላይ ነጩ ጨርቅ ተገልጦ ለሟቾቹ ክብር እየተተኮሰ ነው፣ ገና እኩለ ቀን ሳይሆን፤ አዛዡ ሰዓቱን አስቀድሞታል። ተኩሱ በተኩስ ላይ ይደራረባል፣ ባሕሩ ከሥር እስከ ላይ ያጉረመርማል። ጆሮ ቱቦውን ጣለና ጆሮውን በሁለት እጁ ያዘ። በዚያ ጫጫታ ውስጥ ደወል ማለት ማዕበል ውስጥ እንደመተንፈስ ነው። እሷ ግን አላቆመችም። መዳፏ ተልጦ ገመዱ እስኪቀላ ሳበች። ታች፣ ታች፣ ታች። ከላይ ሕዝቡ ያጨበጭባል፤ የተቀረጹት ስሞች አንድ በአንድ እየተነበቡ ነው። በየስሙ መሐል መድፍ ይተኮሳል።

ተኩሱ ሲያበቃ ጆሮ ቱቦውን አንስቶ ደገነ።  ከዚያ እንዲህ አለ።

«መቅዘፊያ እሰማለሁ። ሽቅብ ነው። እየራቀ ነው።»

አዛዡ ከምረቃው ሲመለስ ደረቱ ላይ አበባ ነበረበት። በሩ ላይ ቆመ፤ ወለሉ በውሃ ስለተጥለቀለቀ አልገባም።

«ምን አሉ?»

«ወደ ኋላ አሉ» አለች ደዋይዋ። 

«ወደ?» አለ አዛዡ፣ እንደገረመው ሰው። «እኔ ኋላ ነው ያልኩት። አስር አለቃ፣ ወደ ብያለሁ?»

«አላሉም ጌታዬ።»

«አንቺስ ደውለሻል?»

አልደወልኩም ስትል ራሷን ነቀነቀች።

«እንግዲህ ያጠፋ ሰው የለም። ሽማግሌው ምስክር ነው፤ ወደ የምትለዋን የጨመሩት ራሳቸው ናቸው። ይኸውልሽ፣ የጀግና ነገር፤ ሳይታዘዝም ይዋጋል።» አበባውን ከደረቱ ፈታና ለአስር አለቃው ሰጠው፣ አስር አለቃውም ለእሷ አቀበላት። «ለእናትሽ ነው። ከጎኗ ወንበር አስይዤልሻለሁ፤ ሂጂ ተቀመጪ። ትጠይቃለች፤ አንድ ነገር ልትነግሪኝ ነበር እያለች ነው።»

አበባው ወለሉ ላይ ወደቀ፤ ውሃው ወደ ቀዳዳው ጎተተው።

አዛዡና አስር አለቃው ከሄዱ ወዲያ ጆሮ ተነሥቶ እጁን ትከሻዋ ላይ አደረገ። «ነይ እንሂድ ልጄ። አሁን ጦርነቱ ውስጥ ናቸው። ቢሰማም እጁ አያርፍም።»

«አንተ ሂድ ጋሼ።»

«እናትሽስ?»

ቱቦውን ወደ ራሷ ሳበች። ሽማግሌው ሄደ። ከላይ ወንበር ሲነሣ፣ ሰው እየተሳሳመ ሲለያይ ይሰማል፤ የእናቷ ድምፅ «ልጄን አይታችኋታል?» እያለ ያን ያንን ይጠይቃል። ደዋይዋ ደም የነካውን ገመድ በቀሚሷ ጫፍ ጠቅልላ ያዘች። ደዋዮች ቃል ሳይሰማቸው ሲቀር የሚሉት አንድ ነገር አለ፤ የሥራው የመጀመሪያ ቀን የሚማሩት ነው፣ እሷም መጀመሪያ ያስተማረችው እሱን ነው።

«አልሰማሁህም። ድገምልኝ።»

ቱቦውን ደግና ጠበቀች። ውሃው ደወሉን ቀስ አድርጎ ያወዛውዛል። ሌላ ምንም የለም።